ጊዜን የሚያቆም ትምህርት ቤት የለም፤ ጊዜን የሚቆጥር ግን ጋይንት ውስጥ አለ

አርብ ገበያ ስሟን የወሰደችው ከሳምንቱ ቀን ነው። ስሙ ራሱ እንደሚናገረው ሰው በዓርብ ተሰብስቦ ይገበያይ ነበር፤ ገበያው ከተማ ሲሆን የቀኑ ስም አብሮት ቀረ። በአገሩ ሮብ ገበያ፣ ሐሙስ ገበያ፣ ቅዳሜ ገበያ እየተባሉ የሚጠሩ ቦታዎች ብዙ ናቸው። ገበሬው ቦታን በጊዜ ይሰይማል።

ኑሮውንም በጊዜ ያስራል። የታች ጋይንት ሰው ገንዘብ ሲበደር «ለሚካኤል እመልሳለሁ» ይላል እንጂ «ወር በገባ በ12ኛው ቀን» አይልም። ማኅበሩ የማርያም ከሆነ በ21፣ የጊዮርጊስ ከሆነ በ23፣ የመድኃኔዓለም ከሆነ በ27 ይሰበሰባል፤ ጠላው የሚጠመቀው ያንን ቀን ታስቦ ነው። ሠርግ ጾም ሳይገባ መደገስ አለበት። ጾሙ የሚገባበት ቀን ደግሞ በየዓመቱ ይለያያል። ስለዚህ የሆነ ቦታ አንድ ሰው ቁጭ ብሎ ያንን ቀን ማስላት አለበት ማለት ነው።

ያ ሰው ማነው?

ሰሞኑን በስልክ ከእጅ ወደ እጅ የሚዘዋወሩ ጽሑፎች ለዚህ ጥያቄ የሚሰጡት መልስ ጆሮ የሚስብ ነው። ጊዜን ያቆሙ ደብተሮች ነበሩ ይላሉ። ፀሐይን ያዘገዩ፣ ከጎንደር ተነሥተው ዓይን ተጨፍኖ እስኪገለጥ ኢየሩሳሌም የደረሱ፣ የነገን ትናንት ላይ ሆነው ያዩ። «ለዓለም የተደበቀው የኢትዮጵያ የጊዜ ጥበብ» ተብሎ ርዕስ ይሰጠዋል። በውጭ አገር ልብ ወለድና ፊልም ላይ ያለው፣ ልጆች ሰዓትን ወደ ኋላ መመለስ የሚማሩበት የአስማት ትምህርት ቤት፣ በአማርኛ ስም ወጥቶለት ጎንደርና ጎጃም ላይ ይተከላል። አንዳንዱ ጽሑፍ መጨረሻ ላይ ስልክ ቁጥር ያስቀምጣል። ኮከብ ማስቆጠር የሚፈልግ፣ ዕድሉ የተዘጋበት፣ ትዳር የራቀው ይደውል ይላል። ክፍያውም በዚያው በስልክ ነው።

እንዲህ ያለ ትምህርት ቤት አልነበረም፤ የለምም። ማንም ጊዜን አላቆመም።

አርብ ገበያ ሻይ ቤት ተቀምጦ ይህን የሚያነብ ወጣት ግን ያልተነገረው ነገር አለ። የጊዜ ትምህርት ቤትስ በእርግጥ አለ። ስውር አይደለም። ያለውም እዚያው እሱ የተወለደበት የጋይንት ምድር ላይ ነው። ተማሪዎቹንም ያውቃቸዋል፤ ደበሎ ለብሰው፣ አኮፋዳ አንጠልጥለው፣ ውሻ እየተከላከሉ በእናቱ ደጅ ቆመው «በእንተ ስማ ለማርያም» ሲሉ ሰምቷል። እናቱም ቁራሽ ሰጥታ ሸኝታቸዋለች። ምን እንደሚማሩ ግን ጠይቆ አያውቅም።

ዓመትን በቃል የሚይዙ ልጆች

ጋይንት ቤተልሔም የድጓ ምስክር ቤት ነው። ድጓን ሌላ ቦታ የተማረ ሰው ተፈትኖ የመምህርነት ምስክርነት የሚቀበልበት ስሙ የገነነ ቦታ ነው። በዚያው በደቡብ ጎንደር ያለው ዙር አምባ ደግሞ የዝማሬና የመዋሥዕት ምስክር ቤት ነው፤ ትውፊቱ ቦታውን ከ6ኛው መቶ ክፍለ ዘመኑ ከቅዱስ ያሬድ ጋር ያያይዘዋል። ከሸዋም፣ ከጎጃምም፣ ከወሎም፣ ከትግራይም ተማሪ ወደዚህ ምድር በእግሩ ሲመጣ ኖሯል።

ድጓን ብዙ ሰው «የዜማ መጽሐፍ» ብሎ ያልፈዋል። ልክ ነው፤ ግን ጎደሎ ነው። ድጓ የዓመት መጽሐፍ ነው። ከመስከረም 1 ከዮሐንስ ይነሣል። ከመስከረም 26 እስከ ኅዳር 5 ጽጌ ነው፤ ሜዳው ሲያብብ ዜማውም ስለ አበባ ይሆናል። ከዚያ አስተምህሮ ይከተላል። ጾመ ድጓው የዐቢይ ጾምን ሳምንታት አንድ በአንድ ይዞ ይሄዳል። ፋሲካ ይመጣል። ሰኔ 26 ክረምት ሲገባ ስለ ዘርና ስለ ደመና ይዜማል። ገበሬው ሞፈርና ቀንበር ሲያነሣ ተማሪው ሌላ ዜማ ያነሣል። የቤተልሔም ልጅ ዓመት እስከ ዓመት የሚያጠናው ዓመትን ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ችግሩ ዓመት እንደ ድንጋይ አለመርጋቱ ነው። ገና ታኅሣሥ 29 ነው፤ በዘመነ ዮሐንስ 28 ይሆናል። ጥምቀት ጥር 11 ነው። ፋሲካ ግን ይሄዳል፣ ይመጣል። ከፋሲካ ጋር ነነዌም፣ ዐቢይ ጾምም፣ ሆሣዕናም፣ ዕርገትም፣ ጰራቅሊጦስም ይንቀሳቀሳሉ። የዘንድሮው ፋሲካ መቼ እንደሆነ ያላወቀ መሪጌታ የዘንድሮውን ዜማ ከየት እንደሚጀምር አያውቅም። ለዚህ ነው ባሕረ ሐሳብ የሚያስፈልገው።

ባሕረ ሐሳብ ምስጢር አይደለም፤ መደመርና ማካፈል ነው። ትውፊቱ የቀመሩን አባትነት ለእስክንድርያው 12ኛ ሊቀ ጳጳሳት ለድሜጥሮስ ይሰጣል። አሠራሩን ማየት ከሁሉም ይበልጣልና አንባቢ ወረቀትና እርሳስ ቢይዝ ጥሩ ነው። የተማሪው ወረቀት ብዙ ጊዜ የራሱ የጣት አንጓ ነው።

የ2018 ዓ.ም. ይሠራ። ከክርስቶስ ልደት በፊት ያለው 5500 ነው ተብሎ ስለሚታሰብ 5500 ሲደመር 2018፣ 7518 ይሆናል። ይህ ዓመተ ዓለም ነው። ለ4 ሲካፈል 1879 ደርሶ 2 ይተርፋል። 1 ቢተርፍ ማቴዎስ፣ 2 ቢተርፍ ማርቆስ፣ 3 ቢተርፍ ሉቃስ፣ ምንም ባይተርፍ ዮሐንስ ነው። 2018 ዘመነ ማርቆስ ነው።

የደረሰው 1879 መጠነ ራብዒት ይባላል። ከ7518 ጋር ሲደመር 9397 ይሆናል። ለ7 ሲካፈል 3 ይተርፋል። ቆጠራው ከማክሰኞ ይነሣልና 1 ማክሰኞ፣ 2 ረቡዕ፣ 3 ሐሙስ። መስከረም 1 ቀን 2018 ሐሙስ ዋለ። ትክክል ነው፤ ሐሙስ ነበር።

አሁን ወደ ጨረቃ። 7518 ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል። አንዱ ሲነሣ 12 ይቀራል፤ ይህ ወንበር ነው። 12 በ11 ሲባዛ 132፤ ለ30 ሲካፈል 12 ይተርፋል፤ ይህ አበቅቴ ነው። 12 በ19 ሲባዛ 228፤ ለ30 ሲካፈል 18 ይተርፋል፤ ይህ መጥቅዕ ነው። አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ 30 መምጣት አለባቸው። 12 እና 18፣ 30። ተማሪው እስካሁን አለመሳሳቱን ያረጋገጠው በዚህ ነው።

መጥቅዕ ከ14 ሲበልጥ በመስከረም ይውላል፣ ሲያንስ በጥቅምት። 18 ይበልጣልና መስከረም 18 ነው። መስከረም 1 ሐሙስ ከሆነ 18 እሑድ ነው። እያንዳንዱ ቀን ተውሳክ የሚባል ቁጥር አለው፦ ቅዳሜ 8፣ እሑድ 7፣ ሰኞ 6፣ ማክሰኞ 5፣ ረቡዕ 4፣ ሐሙስ 3፣ ዓርብ 2። 18 ሲደመር 7፣ 25። ይህ መባጃ ሐመር ነው። የነነዌ ጾም ሰኞ ጥር 25 ገባ ማለት ነው። ከነነዌ እስከ ፋሲካ 69 ቀን ነው። ከጥር 25 ጀምሮ 69 ሲቆጠር ሚያዝያ 4 ላይ ያርፋል። የ2018 ፋሲካ ሚያዝያ 4 ነው።

አላመነም የሚል አንባቢ 2019ን ራሱ ይሥራ። መጥቅዑ 7 ይመጣለታል፤ ከ14 ስለሚያንስ ጥቅምት 7 ይሆናል፣ ነነዌም በየካቲት ትውላለች። በመጨረሻ ፋሲካ ሚያዝያ 24 ካልመጣለት የሆነ ቦታ ተሳስቷል። ያለ ስልክ፣ ያለ ኢንተርኔት፣ ያለ ካሌንደር።

እዚህ ውስጥ አስማት የቱ ላይ ነው? 19 የመጣው 19 የፀሐይ ዓመት ከ235 የጨረቃ ወር ጋር ለጥቂት ስለሚገጥም ነው። 11 የመጣው 12 የጨረቃ ወር 354 ቀን ያህል ስለሆነ፣ ከ365 ደግሞ 11 ስለሚጎድል ነው። እያንዳንዱ ቁጥር ምክንያት አለው። ምክንያቱን የኔታ ሊያስረዱት ይችላሉ፤ ተማሪውም ሊጠይቃቸው ይችላል።

ትክክለኛነቱም የሚናቅ አይደለም። ሊቃውንቱ ዕለትን በ60 ኬክሮስ ይከፍላሉ፤ አንድ ኬክሮስ 24 ደቂቃ ነው። ኬክሮስ በ60 ካልኢት፣ ካልኢት በ60 ሳልሲት ይከፈላል። የጨረቃ ወርን 29 ዕለት ከ31 ኬክሮስ ከ50 ካልኢት ከ8 ሳልሲት ነው ብለው ይይዛሉ። ወደ ዛሬ ሰዓት ሲመለስ 29 ቀን ከ12 ሰዓት ከ44 ደቂቃ ከ3 ሰከንድ ገደማ ነው። ዘመናዊው የሥነ ፈለክ ልኬትም ከዚህ የሚለየው ከአንድ ሰከንድ ባነሰ ነው።

ይህ ቁጥር ግን ጋይንት ላይ ከሰማይ አልወረደም። በ60 መክፈል የባቢሎን ሰዎች ልማድ ነው። የ19 ዓመቱ ዑደት ከአቴናው ሜቶን ስም ጋር የሚጠራው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ነው። እስክንድርያ አቀነባበረችው፤ ኢትዮጵያ ተቀበለችው፣ በግእዝ ጻፈችው፣ በዜማዋ ውስጥ አስገባችው፣ እስከ ዛሬም በቃል አስተማረችው። «ከእኛ በቀር ማንም አያውቀውም» የሚለው ፉከራ ውሸት ነው። ዓለም የጋራ አድርጎ የያዘውን ዕውቀት አንድ የቆሎ ተማሪ በጎጆ ውስጥ ሆኖ ሕያው አድርጎ ማቆየቱ ግን እውነት ነው፤ ከፉከራውም ይበልጣል።

ሁለት ቀሪዎች

አሁን ወደ አስቸጋሪው ነገር። የአስማቱ ወሬ ከባዶ አልተነሣም። አንዳንዱ ደብተራ በአንድ እጁ ባሕረ ሐሳብ፣ በሌላው ዐውደ ነገሥት ይዞ እንደኖረ አገር ያውቃል። ክታብ የጻፈ፣ ጠልሰም የሣለ፣ ኮከብ የቆጠረ ነበር፤ ዛሬም አለ። በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በአስማትና በጥንቆላ ላይ ብርቱ ዘመቻ ያካሄዱት በአገሩ ስለነበረ ነው።

ዐውደ ነገሥትም የሚሠራው በማካፈል ነው። የሰውየው ስምና የእናቱ ስም ፊደል በቁጥር ይተካል። ቁጥሩ ይደመራል፣ ለ12 ይካፈላል፣ የተረፈው ኮከቡን ይሰጣል፦ ሐመል፣ ሠውር፣ ሸርጣን፣ ሚዛን እያለ ይሄዳል። ከኮከቡ ደግሞ ዕድሉ፣ በሽታው፣ የሚገጥመው ሚስት ይነገራል።

ከሩቅ ለሚያይ ሰው ሁለቱ አንድ ናቸው። ሁለቱም ይደምራሉ፣ ሁለቱም ያካፍላሉ፣ ሁለቱም የተረፈውን ይወስዳሉ። በግእዝ ስለሚነገሩ ደግሞ ገበሬው የቱ የቱ እንደሆነ አይለይም። ልዩነታቸው ግን የሰማይና የምድር ነው።

የባሕረ ሐሳብን ቀሪ ማንም ሊፈትነው ይችላል። ጋይንት የሚሠራው ልጅና ዋሽንግተን የሚያገለግለው ቄስ ሳይነጋገሩ አንድ ቀን ላይ ይደርሳሉ። ካልደረሱ አንዱ ተሳስቷል፤ የተሳሳተበትም መስመር ይገኛል። የዐውደ ነገሥቱን ቀሪ የሚፈትነው ማነው? ትንቢቱ ካልሠራ ስሙ በትክክል አልተነገረም ይባላል። ወይም የክርስትና ስሙ ነበር የሚያስፈልገው ይባላል። ወይም ሰውየው አላመነም ይባላል። ዋጋው ግን ተከፍሏል።

እንዲያውም የባሕረ ሐሳብ ትልቁ ክብሩ ስሕተት ያለበት መሆኑ ነው። ዓመትን 365 ቀን ከሩብ አድርጎ ይይዛል፤ እውነተኛው ዓመት ግን ከዚያ 11 ደቂቃ ገደማ ያንሳል። ስለዚህ በ128 ዓመት አንድ ቀን ያህል ከፀሐይ ይለያል። የሮማው ሊቀ ጳጳስ ጎርጎርዮስ 13ኛ በ1582 እ.ኤ.አ. ካሌንደሩን ያረሙት ለዚህ ነበር። የጨረቃው ዑደትም በ300 ዓመት ገደማ አንድ ቀን ይንሸራተታል። ስሕተቱ ስንት እንደሆነ የሚታወቅ ነገር ዕውቀት ነው። በጭራሽ ተሳስቶ የማያውቅ ነገር ሲገጥም ግን ኪስን ጠበቅ ማድረግ ይበጃል።

የሚጎዳው ማን ነው?

«ታዲያ ወሬ ነው፣ ማንን ጎዳ?» የሚል ይኖራል። ብዙ ሰው ጎድቷል።

ሁለት ቤተ ዘመድ ተስማምቶ፣ ሽማግሌ ተልኮ፣ ጥሎሽ ተቆርጦ ሲያበቃ «ኮከባቸው አይገጥምም» ተብሎ የፈረሰ ጋብቻ በየቀበሌው አይጠፋም። ልጅቱ ምን አጠፋች? የእናቷ ስም ለ12 ሲካፈል የማይፈለግ ቁጥር ተረፈው። የሚጥል በሽታ የያዘው ልጅ ጤና ጣቢያ መሄድ ሲገባው ክታብ አንግቶ ይከርማል፤ የሚጥል በሽታ መድኃኒት እንዳለው ለእናቲቱ የሚነግራት የለም። የክታቡ ዋጋ ግን በግ ነው፤ አንዳንዴም ከዚያ ይበልጣል።

ከዚህ ቀጥሎ የሚጎዳው ራሱ ተማሪው ነው። «ደብተራ» የሚለው ቃል የማዕረግ ስም ነበር፤ ዛሬ በብዙ ሰው አፍ ማስፈራሪያ ሆኗል። ላም ከነጠፈች፣ ልጅ ከታመመ፣ ዕቃ ከጠፋ፣ በመንደሩ ያለፈው የቆሎ ተማሪ ይጠረጠራል። ቁራሽ የሚሰጠውም አንዳንዱ አዝኖ ሳይሆን «ይረግመኛል» ብሎ ፈርቶ ነው። ሰባትና ስምንት ዓመት ቁንጫና ብርድ ችሎ የተማረ ልጅ አገሩ ሲመለስ «እስቲ ኮከቤን ቁጠርልኝ» ይባላል። ፋሲካን ያወጣል ብሎ የሚከፍለው የለም፤ ኮከብ ለሚቆጥር ግን ሁሉም ይከፍላል። ልጁ የትኛውን ሥራ እንዲመርጥ እየተገፋ እንደሆነ ግልጽ ነው።

ሦስተኛው ተጎጂ ትምህርቱ ነው። የጉባኤ ቤቶቹ ጊዜ ከፍቶባቸዋል። ነሐሴ 2013 ጦርነቱ ላይ ጋይንት ደርሶ ነፋስ መውጫ ምን እንዳየች አገር ያስታውሳል። ከ2015 ክረምት ወዲህ ደግሞ በክልሉ ያለው ግጭት መንገድ ሲዘጋና ሲከፍት ከርሟል። ከሌላ አገር በእግሩ የሚመጣ ተማሪ መንገዱ ካላስተማመነው አይመጣም። ተማሪ ካልመጣ የኔታ ለማን ያስተምራሉ? በቃል የሚተላለፍ ዕውቀት አንድ ትውልድ ከዘለለ መጽሐፉ ሳጥን ውስጥ ቢኖርም የሚያነበው ሰው አይኖርም። በዚህ ሰዓት ነው እንግዲህ ስልኩ «ጊዜን የሚያቆመው ምስጢር» እያለ የሚጮኸው። እውነተኛው ቤት ሲዘጋ ምናባዊው ቤት ደንበኛ ያበዛል።

ለየኔታዎችም አንድ ቃል

ወቀሳው በስልክ ነጋዴዎቹ ላይ ብቻ ቢቆም ፍርደ ገምድል ይሆናል። ከመምህራኑ መካከልም ዝምታው የጠቀማቸው አሉ። ሰው ሲፈራቸው «እንዲህ ያለ ነገር አናውቅም» ብለው በግልጽ ከመናገር ፈገግ ብለው ማለፍን መርጠዋል። ፍርሃት ክብር መስሏቸዋል። ባሕረ ሐሳብንም «ለማይገባው አይነገርም» ብለው የሸሸጉ አልጠፉም። ማካፈልን ለማይገባው አይነገርም ማለት ምን ማለት ነው?

ሌላው መከራከሪያ «አስማቱም ቅርስ ነው» የሚለው ነው። ክታቡና ጠልሰሙ የሥዕል ጥበብ መሆኑ አይካድም፤ የውጭ ሙዚየሞች ለዓይነ ግቡነቱ ሲሉ ሰብስበውታል፣ ተመራማሪዎችም ጽፈውበታል። በመስታወት ውስጥ ተቀምጦ ይታይ፣ ይጠና። ግን ቅርስ መሆኑ እውነት አያደርገውም፤ የታመመ ልጅም ሙዚየም አይደለም።

ሌሎች ኢትዮጵያውያን በዚህ ነገር ቀድመዋል። የሲዳማ አያንቶዎች ከዋክብትን አይተው የፍቼ ጨምበላላን ቀን ይቆርጣሉ፤ በዓሉ በ2015 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ ተመዝግቧል። የቦረና አያንቱዎች ጨረቃንና ከዋክብትን አጣምረው ቀን ሲቆጥሩ እንደኖሩ ፕሮፌሰር አስመሮም ለገሠ ለዓለም አስተዋውቀዋል። እነዚህ ሊቃውንት በአደባባይ የሚታወቁት «ቀን የሚያወጡ» ተብለው ነው። ሥራቸው ሥራ ተብሎ ተጠርቷል። ባሕረ ሐሳብንም ኦቶ ኖይገባወር የተባለው የሒሳብ ታሪክ ሊቅ በ1979 እ.ኤ.አ. ስለ ግእዝ ሥነ ፈለክ ባሳተመው መጽሐፍ ከባቢሎንና ከእስክንድርያ ጎን አስቀምጦ መርምሮታል። ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌም በአማርኛ፣ ማንም እንዲያነበው አድርገው ጽፈውታል። መጽሐፉ አለ፤ ምስጢር የለውም። የቀረው የጋይንት ሰው የደጁን ዕውቀት በስሙ መጥራቱ ነው።

ምን ይደረግ?

ትልቅ በጀት የሚጠይቅ ነገር አይደለም። አርብ ገበያ ያለ የሒሳብ መምህር በአንድ ክፍለ ጊዜ ልጆቹን የ2019ን ፋሲካ ቢያሠራቸው ማካፈልና ቀሪ ለምን እንደሚጠቅም ዳግመኛ አይጠይቁም። ይህ በቀሪ የሚሠራ ስሌት በዩኒቨርሲቲ ሞዱላር አሪትሜቲክ ይባላል። በስልክ የሚላክ መልእክት በሌላ ሰው እንዳይነበብ የሚቆለፍበት ዘዴም ከዚሁ የሒሳብ ዘርፍ ነው የተሠራው። ወጣቱ የአስማት ወሬ የሚያነብበት ስልክ ራሱ በየኔታ ዓይነት ሒሳብ ነው የሚጠበቀው፤ ይህን የሚነግረው ግን አላገኘም።

በዞኑ ከተማ ደብረ ታቦር ዩኒቨርሲቲ አለ። የሒሳብና የፊዚክስ መምህራኑ ከጉባኤ ቤቶቹ መምህራን ጋር አንድ ሰሞን ቢቀመጡ ሁለቱም ወገን የሚያተርፈው ብዙ ነው። አንዱ ለምን እንደሚሠራ ያስረዳል፣ ሌላው እንዴት በቃል እንደሚያዝ ያሳያል። ቤተ ክህነትም ባሕረ ሐሳብን ለሰንበት ትምህርት ቤት ልጆች፣ ለሴቶቹም ለወንዶቹም፣ በግልጽ ብታስተምር ዐውደ ነገሥቱን ለማውገዝ ከሚሰጠው ስብከት ይልቅ ይሠራል። ማካፈልን የሚያውቅ ልጅ በማካፈል አይታለልም።

ከሁሉ የሚቀለው ደግሞ ከማንም ፈቃድ የማይጠይቀው ነው። በሚመጣው ዓርብ፣ ገበያው ሞቆ ሳለ፣ አንድ የቆሎ ተማሪ አኮፋዳውን አንጠልጥሎ በአርብ ገበያ መንገድ ያልፋል። ቁራሽ የሚሰጠው ሰው ቁራሹን ይስጠው። ከዚያ «ኮከቤ ማነው?» ብሎ አይጠይቀው። «ልጄ፣ የዘንድሮ መጥቅዕ ስንት ነው?» ይበለው። ልጁ መጀመሪያ ይደነግጣል፤ እንዲህ ብሎ የጠየቀው ሰው የለማ። ቀጥሎ ጣቱን ማጠፍ ይጀምራል።